ስለ ባዮስ ፋይል ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ሀዋሳ አረብ ሰፈር ስልክና ላፕቶፕ እጠግናለሁ። ከሥራዬ ግማሹ ስክሪን መቀየር ነው። ሌላው ግማሽ "ይቺን ነገር እያት እስቲ" የሚባለው ነው፤ ዋጋ የማይቆረጥለት ዓይነት። ካለፈው ክረምት ወዲህ "ይቺ ነገር" ብዙ ጊዜ ኢሙሌተር ሆናለች፤ የጌም ማሽንን ሥራ ስልክ ወይም ኮምፒውተር ላይ አስመስሎ የሚሠራ ፕሮግራም ማለት ነው። ልጁ የድሮ ፕሌስቴሽን ጌም ስልኩ ላይ መጫወት አምሮታል። ኢሙሌተሩን ራሱ ጭኗል። ሲከፍተው ግን ወይ ስክሪኑ ጥቁር ሆኖ ይቀራል፣ ወይ ባዮስ የለም የሚል ጽሑፍ ይመጣል። ከዚያ ወደ እኔ።

አንድ በአንድ ማስረዳት ሲሰለቸኝ ጊዜ ጻፍኩት። ቅደም ተከተሉ ሰው እንደሚጠይቀኝ ነው፤ እንደ መማሪያ መጽሐፍ አትጠብቁት።

ባዮስ ምንድን ነው?

ኮንሶሉ፣ ማለትም የጌም ማሽኑ፣ ሲበራ ከሁሉ በፊት የሚሠራው ፕሮግራም ነው። ማዘርቦርዱ ላይ ባለች አንዲት ቺፕ ውስጥ ከፋብሪካ ተጽፎ ይመጣል። ፕሌስቴሽን 1 ስታበሩ የሚመጣውን ነጭ ስክሪንና ብርቱካንማ ምልክት፣ ከሆድ የሚወጣ የሚመስለውን ያን ድምፅ ታስታውሳላችሁ? እሱ ከሲዲው የሚመጣ አይደለም። ሲዲ ሳትከቱ ብታበሩትም ይመጣል። ባዮሱ ነው።

ለማስረዳት ሁሌ የምጠቀመው የፕሌስቴሽን ቤቱን ልጅ ነው። ጠዋት ቤቱን ይከፍታል፣ ቲቪውን ያበራል፣ ጆይስቲኩን ይሰካል። ስትገቡ መክፈላችሁን ያያል። ከዚያ "ተጫወቱ" ብሎ ጥግ ይይዛል። ግን አልሄደም። ሜሞሪ ካርድ ስትፈልጉ፣ ሲዲ ሲቀየር፣ ጆይስቲክ እምቢ ሲል የምትጠሩት እሱኑ ነው። ባዮስም እንዲሁ ነው። ሃርድዌሩን ይቀሰቅሳል፣ ሲዲውን ይፈትሻል፣ ጌሙን ያስጀምራል። ጌሙ ከተጀመረ በኋላም እዚያው አለ። ፕሌስቴሽን 1 ያለው ጠቅላላ ራም 2 ሜጋባይት ነው። ከዚህ ላይ የመጀመሪያው 64 ኪሎባይት ለባዮሱ የተከለለ ነው። ጌሙ ሴቭ ሊያደርግ ሲል ወይም ፋይል ከሲዲ ላይ ሊያነብ ሲል እዚያ ያለውን ኮድ ይጠራል። ባዮስ ከሌለ ጌሙ ቢጠራ ቢጠራ "አቤት" የሚለው የለም። ጥቁሩ ስክሪን ማለት ይኸው ነው።

ፈርምዌር የሚሉትስ? ሰፋ ያለ ቃል ነው። በማሽኑ ቺፕ ውስጥ የተቀመጠ ማንኛውም ፕሮግራም ፈርምዌር ነው፤ ባዮስ አንዱ ዓይነት ነው። ልጆቹ ሁለቱንም "ባዮስ" ነው የሚሉት፣ እኔም አልከራከርም።

ትልቅ ነው? ፓኬጄን ይበላብኛል?

በጭራሽ። የፕሌስቴሽን 1 ባዮስ 512 ኪሎባይት ነው። ስልካችሁ የሚያነሳው አንድ ፎቶ ብዙ ጊዜ ከዚህ ይበልጣል። የፕሌስቴሽን 2 ባዮስ 4 ሜጋባይት ነው። የጌምቦይ አድቫንስ 16 ኪሎባይት ብቻ። የመጀመሪያው ጌምቦይ ደግሞ 256 ባይት። ባይት ነው ያልኩት፣ ኪሎ የለውም። አንድ የአማርኛ ፊደል በተለመደው አጻጻፍ 3 ባይት ስለሚይዝ በዚያ ቦታ የምትጽፉት ቢበዛ 85 ፊደል ነው። አንድ አጭር የቴክስት መልእክት ማለት ነው። በዚያች 256 ባይት ውስጥ ማሽኑ የኒንቴንዶን ምልክት ከላይ ወደ ታች ያወርዳል፣ ድምፅ ያሰማል፣ ካሴቱ ላይ ያለውን ምልክት ከራሱ ጋር ያመሳክራል፤ ካልተመሳሰለ እዚያው ቀጥ ይላል። እኔ እስካሁን ይገርመኛል።

ታዲያ ይቺን የምታክል ፋይል ኢሙሌተሩ ለምን አብሮ አይዝም?

የራሱ ስላልሆነች። ኢሙሌተሩን የጻፉት ሰዎች የራሳቸውን ኮድ ነው የጻፉት። የፕሌስቴሽን ባዮስ ግን የሶኒ ንብረት ነው፤ ማደል አይችሉም።

ይህ ዝም ብሎ የመጣ ልማድ አይደለም፣ ፍርድ ቤት የደረሰ ጉዳይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1999 ኮኔክቲክስ የሚባል የአሜሪካ ድርጅት የፕሌስቴሽን ጌም በማክ ኮምፒውተር ላይ የሚያጫውት ፕሮግራም አወጣ። ሶኒ ከሰሰው። ክሱ የዞረው ባዮሱ ላይ ነበር። የኮኔክቲክስ ባለሙያዎች እንዴት እንደሚሠራ ለማጥናት የሶኒን ባዮስ ገልብጠው ፈትሸውታል፤ ለገበያ ያቀረቡት ፕሮግራም ውስጥ ግን የሶኒ ኮድ አልነበረም፣ የራሳቸውን ጽፈዋል። የካቲት 2000 እ.ኤ.አ. የይግባኝ ፍርድ ቤቱ ለኮኔክቲክስ ፈረደ። ለማጥናት መገልበጡ ተገቢ አጠቃቀም ነው አለ። ሶኒ ዝም አላለም፤ በ2001 ፕሮግራሙን ራሱ ገዛውና ሥራውን አስቆመው። በፍርድ ያላገኘውን በገንዘብ።

ከዚያ ወዲህ መስመሩ ግልጽ ነው። አስመስሎ መጻፍ ይቻላል። የሌላውን ኮድ አብሮ ማከፋፈል አይቻልም። ኢሙሌተሩ ስትጭኑት የባዮሱ ቦታ ባዶ የሆነው ለዚህ ነው፤ ተበላሽቶ አይደለም። ይህን የምለው ሦስት ጊዜ አጥፍቶ እንደገና ዳውንሎድ አድርጎት የመጣ ልጅ ስላጋጠመኝ ነው። ፓኬጁን ጨርሶ።

ሁሉም ኮንሶል ባዮስ ይፈልጋል?

አይፈልግም። በደፈናው፣ በካሴት የሚሠሩት የድሮዎቹ አይፈልጉም፣ በሲዲ የሚሠሩት ይፈልጋሉ።

ኮንትራና ሱፐር ማሪዮ የተጫወትንበት ቲቪ ጌም ባዮስ የለውም። ካሴቱ ሲሰካ ማሽኑ በቀጥታ ከካሴቱ ላይ ማንበብ ይጀምራል። ሱፐር ኒንቴንዶና ሴጋ ሜጋድራይቭም ያለ ባዮስ ይሄዳሉ። ሲዲ ሲመጣ ግን ነገሩ ተቀየረ፤ ሲዲውን የሚያሽከረክርና የሚያነብ ፕሮግራም አስቀድሞ ማሽኑ ውስጥ መኖር አለበት። ስለዚህ ሴጋ ሲዲ፣ ሳተርን፣ ፕሌስቴሽን 1 እና 2 ባዮስ አላቸው።

ኒዮጂዮ የሚባለው የጌም ማሽን ደግሞ የራሱ አመል አለው። ባዮሱ በዚፕ የታሸገ ነው፣ ዚፑ መፈታት የለበትም። እንደታሸገ ከጌሞቹ ጋር አንድ ፎልደር ውስጥ ይቀመጣል። የፕሌስቴሽኑን ግን መፍታት አለባችሁ። ሰው የሚምታታበት እዚህ ላይ ነው፣ አልፈርድም።

ጓደኛዬ ያለ ባዮስ ይጫወታል። እንዴት?

ሁለት ነገር ሊሆን ይችላል። አንደኛው፣ የሚጫወተው የፒኤስፒ (በእጅ የሚያዘው ፕሌስቴሽን) ጌም ነው። ፒፒኤስኤስፒፒ የሚባለው ኢሙሌተር ባዮስ አይጠይቅም። የፒኤስፒው ሲስተም ለጌሙ የሚሰጠውን አገልግሎት ሁሉ አዘጋጆቹ ራሳቸው እንደ አዲስ ጽፈውታል። ጌሙ "ሴቭ አድርግልኝ" ሲል የሚመልሰው የሶኒ ኮድ ሳይሆን የኢሙሌተሩ ነው። በፕሌስቴሽን ቤቱ ምሳሌ፣ ልጁ ታሞ ታናሽ ወንድሙ ተክቶት ገብቷል።

ሁለተኛው፣ ኢሙሌተሩ ምትክ ባዮስ አለው። ኤምጂቢኤ ለጌምቦይ አድቫንስ የራሱን ይዞ ይመጣል፣ ጥሩም ነው። ፒሲኤስኤክስ ሪአርምድ ለፕሌስቴሽን 1 እንደዚሁ። በነገራችን ላይ ሶኒ ራሱ በ2018 እ.ኤ.አ. ፕሌስቴሽን ክላሲክ የምትባለዋን ትንሿን ማሽን 20 ጌም ጭኖ ሲያወጣ ውስጧ ያስገባው ይህንኑ ነፃ ኢሙሌተር ነው። አንድ ጊዜ ኢሙሌተር የሚሠሩትን ይከሳል፣ ሌላ ጊዜ የእነሱኑ ይጠቀማል። ዓለም እንዲህ ናት።

የታናሽ ወንድሙ ችግር ግን ሁሉን ነገር አያውቅም። ምትክ ባዮስ ላይ አንዳንድ ጌም አይከፈትም፣ አንዳንዱ መሀል ላይ ይቆማል፣ አንዳንዱ ሴቭ ላይ ይቸገራል። እኔ መጀመሪያ ያለ ባዮስ ሞክሩ እላለሁ። ከሠራ ለምን ትለፋላችሁ? ካልሠራ ዋናውን ፈልጉ። ለፕሌስቴሽን 2 ግን ምርጫ የለም። ኢሙሌተሩ ፒሲኤስኤክስ2 ዋናውን ባዮስ ካላገኘ አይነሳም።

እሺ፣ ከየት ነው የማገኘው?

ከኮንሶላችሁ። ሰው ይህን ስነግረው ፊቱ ይለወጣል፤ "እሱማ ድሮ ተበላሽቷል" ይለኛል። የተበላሸው ምኑ ነው? ብዙ ጊዜ የሚበላሸው ሌንሱ ነው። ሲዲ አያነብም ማለት ነው። ባዮሱ ያለው ግን ማዘርቦርዱ ላይ ነው። ሌንስ ሞተ ማለት ባዮስ ሞተ ማለት አይደለም።

አንድ ጋሼ ነበሩ። ሰፈራችን ውስጥ ፕሌስቴሽን ቤት ነበራቸው፣ እኔም ልጅ ሆኜ አንድ ጌም በአንድ ብር ተጫውቻለሁ፤ ተሸናፊ ይነሳል። ቤቱ ከተዘጋ ቆይቷል፣ አሁን አሞራ ገደል አሳ ይሸጣሉ። ከሦስቱ ፒኤስ2 (ፕሌስቴሽን 2) ሁለቱን ለቆራሌው ሰጥተዋል። ሦስተኛው አልጋ ሥር ነበር፣ በማዳበሪያ ተጠቅልሎ። ልጃቸው በላፕቶፕ ዊኒንግ ኢለቨን ልጫወት ሲላቸው ይዘውት መጡ።

ስከፍተው መጀመሪያ የወጣው በረሮ ነው። የሞተ፣ የደረቀ፣ አምስት ስድስት። ፓወር ሳፕላዩ ስለሚሞቅ ይወዱታል። በብሩሽ ጠርጌ፣ ማራገቢያውን አጽድቼ ሰካሁት። በራ። ሌንሱ ጠ-ጠ-ጠ ብሎ ዝም አለ፤ ሞቷል።

ከዚህ በኋላ ያለው ሥራ ይህን ይመስላል። ፍሪ ማክቡት የሚባል ፕሮግራም የተጫነበት የፒኤስ2 ሜሞሪ ካርድ ያስፈልጋል። ካርዱን ሰክታችሁ ስታበሩት ማሽኑ ከሲዲ ሳይሆን ከካርዱ ይነሳል፤ ሌንስ ቢኖር ባይኖር ግድ የለውም። ፕሮግራሙን ካርዱ ላይ ለመጫን ግን ሌላ የሚሠራ ማሽን ያስፈልጋል፣ ወይ አስቀድሞ የተጫነበት ካርድ ፈልጎ መግዛት። እኔ አንድ አለኝ፣ ለዚሁ ሥራ ያስቀመጥኩት። ከዚያ ዩላውንችኤልፍ የሚባለው ፋይል ማያ ይከፈታል። ባዮስድሬይን የሚባለውን ትንሽ ፕሮግራም በፍላሽ አድርጋችሁ ከፊት ያለው ዩኤስቢ ላይ ትሰኩታላችሁ። ፍላሹ ፋት32 በሚባለው ዓይነት ፎርማት የተደረገ መሆን አለበት፣ አለበለዚያ ማሽኑ አያየውም። ፕሮግራሙን ስትከፍቱት ቺፑን እያነበበ ፍላሹ ላይ ይጽፋል። የፒኤስ2 ዩኤስቢ የድሮው 1.1 ስለሆነ ቀርፋፋ ነው፤ ቡና አፍሉ። የሚወጡት ብዙ ፋይሎች ናቸው፣ ዋናው ግን 4 ሜጋባይት የሆነው ነው። ሌሎቹን አትጣሉ፣ አብረው ፎልደሩ ውስጥ ይቀመጡ።

አንድ ነገር ልብ በሉ። ከታች የተለጠፈውን ሞዴል ቁጥር እዩ። በ90 ሺህ የሚጀምሩት የመጨረሻዎቹ ቀጫጭን ማሽኖች ውስጥ ባዮሳቸው 2.30 የሆነው በዚህ መንገድ አይሠራም፤ ሶኒ ቀዳዳውን ደፍኖታል። ከዚያ በፊት ያሉት ይሠራሉ።

የፕሌስቴሽን 1 ከሆነስ?

ከማሽኑ በቀጥታ ማውጣት አድካሚ ነው፣ በቀላሉ የማይገኝ ዕቃ ይጠይቃል። ግን ብዙ ሰው የማያውቀው ሌላ በር አለ። ፕሌስቴሽን 3 የድሮ የፒኤስ1 ሲዲ ያጫውታል፤ ለዚህ ሲባል ፈርምዌሩ ውስጥ የፒኤስ1 ባዮስ አለ። የፒኤስ3ን ፈርምዌር ደግሞ ሶኒ ራሱ በድረ ገጹ ላይ በነፃ አስቀምጦታል፣ 200 ሜጋባይት ገደማ ነው። አርፒሲኤስ3 የሚባለው ኢሙሌተር ላይ ፈርምዌሩን ስትጭኑት በውስጡ ያሉት ፋይሎች ይዘረጋሉ። ፒኤስ1ኢሙ የሚል ፎልደር ውስጥ ፒኤስ1 ሮም የሚል ፋይል ታገኛላችሁ። ዳክስቴሽን የሚባለው የፒኤስ1 ኢሙሌተር ይቀበለዋል። ለየትኛውም ሀገር ጌም መሥራቱ ደግሞ ምርቃት ነው።

ሶኒ ፈርምዌሩን ያስቀመጠው የፒኤስ3 ባለቤት ማሽኑን እንዲያድስበት ነው፣ ኢሙሌተር እንዲሠራ ብሎ አይደለም። ማሽኑ ያላችሁ በሰላም ተጠቀሙ። የሌላችሁ፣ እያወቃችሁ ነው።

በኛ ሀገር ሕግስ? ከኢንተርኔት ላይ ባወርደው ማን ያየኛል?

የሚያይ የለም ማለት ሕግ የለም ማለት አይደለም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን ከሚጠበቁ ሥራዎች መካከል ይቆጥረዋል። ባዮስ ደግሞ ፕሮግራም ነው። አዋጁ የአንድ ፕሮግራም ሕጋዊ ባለቤት የሆነ ሰው ለራሱ መጠባበቂያ ቅጂ እንዲያስቀር ቦታ ይሰጣል። ከራሳችሁ ማሽን ማውጣትና ከማታውቁት ሰው መውሰድ የሚለያየው እዚህ ላይ ነው።

"አንተ ጋ አለ አይደል፣ በቴሌግራም ላክልኝ" የሚሉኝ አሉ። አልክም። ማሽናችሁን አምጡ፣ አብረን እናወጣዋለን። የጌሙም ነገር እንደዚያው ነው። የተቧጨረውም ቢሆን ሲዲው ካላችሁ አምጡት፣ ኮምፒውተር ላይ እንገለብጠዋለን።

ኤስሲፒኤች የሚሉት ቁጥሮች ምንድን ናቸው? የትኛው ነው የኛ?

የማሽኑ ሞዴል ቁጥር ነው። ፋይሉም በዚያው ይጠራል። ለፕሌስቴሽን 1 ኢሙሌተሮች በብዛት የሚጠይቁት ሦስቱን ነው፤ 5500 የጃፓን፣ 5501 የአሜሪካ፣ 5502 የአውሮፓ። የመጨረሻዋ አሀዝ ሀገሩን ትነግራችኋለች።

የኛ ሀገር የሚባል የለም። እዚህ የገቡት ማሽኖች ከየአቅጣጫው ነው የመጡት፣ ብዙዎቹም ኮፒ ሲዲ እንዲያነቡ ቺፕ ተበይዶባቸዋል። ስለዚህ የምትመርጡት በጌሙ ነው። ጌማችሁ የአውሮፓ ከሆነ የአውሮፓ ባዮስ፣ የአሜሪካ ከሆነ የአሜሪካ። የአውሮፓው ጌም በሴኮንድ 50 ሥዕል፣ የአሜሪካውና የጃፓኑ 60 ነው የሚያሳዩት። አንዳንድ ጌም በአውሮፓ ቅጂው ዘገምተኛ የሚመስለው ለዚህ ነው፤ ስልካችሁን አትሳደቡ።

ፋይሉን አስገብቻለሁ፣ አሁንም የለም ይለኛል!

ይህን ጥያቄ ነው በቀን ሁለት ጊዜ የምሰማው። ፋይሉ አለ፣ ኢሙሌተሩ አያየውም። ምክንያቱ ሁሌ ጥቃቅን ነው።

መጀመሪያ ስሙን እዩ። ሬትሮአርች ብዙ ኢሙሌተሮችን በአንድ ላይ የያዘ ፕሮግራም ነው፤ እያንዳንዱን ኮር ይሉታል። እሱ ላይ ያለው ቢትል የሚባለው የፒኤስ1 ኮር ፋይሉን የሚፈልገው በስሙ ነው፣ በትንንሹ የላቲን ፊደል። ኮንሶሉ ጀርባ ላይ በትልልቁ ስለተጻፈ ሰው በትልልቁ ይጽፈዋል። ዊንዶውስ ላይ ችግር የለውም፤ አንድሮይድና ሊኑክስ ላይ ግን ትልቁና ትንሹ ፊደል ሁለት የተለያየ ስም ሊሆን ይችላል። ፒሲኤስኤክስ2ና ዳክስቴሽን በዚህ ይሻላሉ። ስሙን ትተው ውስጡን ነው የሚያዩት።

ባለፈው አንዲት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ላፕቶፗን ይዛ መጣች። ስሙ ልክ ነው፣ ፎልደሩ ልክ ነው፣ መጠኑ ልክ ነው። አንድ ሰዓት ፈጠጥኩበት። በመጨረሻ ዊንዶውስ ላይ የፋይል ቅጥያን አሳይ የሚለውን ሳበራው ስሙ መጨረሻ ላይ ሁለት ጊዜ "ነጥብ ቢን" አለ። ዊንዶውሱ የመጀመሪያዋን ደብቆባት፣ እሷ ሪኔም ስታደርግ ሌላ ጨምራለች። እሷ ሳቀች፣ እኔ አልሳቅኩም።

ቀጥሎ ቦታው። ሬትሮአርች የፕሌስቴሽኑን ባዮስ ሲስተም ከሚለው ፎልደር ውጭ አይፈልግም። ከጌሞቹ ጋር ብታስቀምጡት አያገኘውም። ኮሩን ከከፈታችሁ በኋላ ኢንፎርሜሽን ገብታችሁ የኮሩን መረጃ እዩ። የትኛው ፋይል እንደተገኘ፣ የትኛው እንደጎደለ፣ የትኛው ግዴታ እንደሆነ በዝርዝር ይነግራችኋል። መገመት አያስፈልግም።

መጨረሻ መጠኑ። ከራሱ ከማሽኑ የወጣ የፒኤስ1 ባዮስ በትክክል 524,288 ባይት ነው፤ ከፒኤስ3 ፈርምዌር የሚገኘው ግን መጠኑ ይለያል። የፒኤስ2 ዋናው ፋይል 4,194,304። አንድ ባይት ቢጎድል ቅጂው ልክ አይደለም። መጠኑ ልክ ሆኖ ውስጡ የተበላሸም ይኖራል። ለሱ ኤምዲ5 የሚባለው አለ፣ ከፋይሉ ይዘት የሚሰላ እንደ አሻራ ያለ ቁጥር ነው። ከውስጥ አንዲት ነገር ብትቀየር ቁጥሩ ሌላ ይሆናል። የናንተ ፋይል አሻራ ኢሙሌተሩ መመሪያ ላይ ካለው ጋር ከገጠመ ጨርሳችኋል።

ያገኘሁት የባዮስ ፋይል ሲከፈት "ጫን" ይለኛል። ልጫነው?

አጥፉት! አሁኑኑ። ባዮስ የሚጫን ነገር አይደለም፣ ሲከፈትም ምንም አያሳይም። ዝም ያለ የዳታ ፋይል ነው። መጨረሻው ኢኤክስኢ ወይም ኤፒኬ ከሆነ ባዮስ አይደለም፣ ሌላ ነገር ነው። ሱቄ ውስጥ በዚህ መንገድ ፎቶው ሁሉ የተቆለፈበት ላፕቶፕ አይቻለሁ። ሾርትከት ቫይረስ እንኳ ይሻል ነበር፣ እሱ ቢያንስ ይጸዳል።

ሌላ ባዮስ ብቀይር ጌሙ ይፈጥናል?

አይፈጥንም። ፍጥነቱ የስልካችሁ ፕሮሰሰር ጉዳይ ነው። ፒኤስ1 ዛሬ ማንኛውም ስልክ ላይ ይሮጣል፤ ፒኤስ2 ግን ጠንካራ ስልክ ይፈልጋል። "ፈጣን ባዮስ" ብሎ የሚሸጥላችሁ ካለ ገንዘባችሁን ያዙ።

መብራት ሲጠፋ የተጫወትኩት ሁሉ ይጠፋል። ባዮሱ ነው?

አይደለም፣ ግን ትንሽ ዝምድና አለው። ኢሙሌተር ላይ ሁለት ዓይነት ሴቭ አለ። አንዱ ጌሙ ራሱ ሜሞሪ ካርድ ላይ የሚጽፈው ነው። ሌላው ኢሙሌተሩ የማሽኑን ሁኔታ ባለበት የሚያስቀምጠው፣ ሴቭ ስቴት የሚባለው። ሁለተኛው ፈጣን ነው፣ ስለዚህ ሁሉም እሱን ይወዳል። ግን በውስጡ የያኔውን ራም ከነባዮሱ ኮድ ነው የያዘው። በምትክ ባዮስ የተቀመጠን ስቴት በዋናው ባዮስ ልክፈት ብትሉ ሊያስቸግራችሁ ይችላል። ሜሞሪ ካርዱ ግን ባዮስ ብትቀይሩ፣ ኢሙሌተር ብትቀይሩ አብሯችሁ ይሄዳል። ጨዋታው ሲያልቅ ከጌሙ ውስጥ ሴቭ አድርጉ። ስቴቱ ለመሀሉ ነው።

የድሮ ሜሞሪ ካርዴ አለ። እሱስ ይገለበጣል?

ይገለበጣል። ባዮሱን ባወጣችሁበት በዚያው ፋይል ማያ ካርዱ ላይ ያሉትን ፎልደሮች ወደ ፍላሽ መገልበጥ ይቻላል። ፒሲኤስኤክስ2 ተራ ፎልደርን እንደ ሜሞሪ ካርድ መጠቀም ስለሚችል ገልብጣችሁ ማስገባት ነው።

የጋሼንም አብሬ ገለበጥኩት። እሳቸው አልጠየቁኝም፣ እኔ ነኝ የጓጓሁት። ምክንያቱም የፒኤስ2 ባዮስ አንድ ነገር ያደርጋል። ሲበራ በጥቁሩ ጠፈር ውስጥ የሚታዩት ግንቦች ለጌጥ የቆሙ አይደሉም። ሜሞሪ ካርዱ ላይ የተጫወታችሁት ጌም ታሪክ ይያዛል፤ ባዮሱ ያን አንብቦ ለየጌሙ ግንብ ያቆማል። በተደጋጋሚ የተከፈተው ይረዝማል። አዲስ ካርድ ላይ ባዶ ነው። ኢሙሌተር ላይ ይህን ለማየት በፍጥነት አስነሳ የሚለውን ምርጫ ማጥፋት ያስፈልጋል።

አጥፍቼ አስነሳሁት። ላፕቶፑ የልጃቸው ነው፣ ጠረጴዛዬ ላይ። ጥቁሩ መጣ፣ ድምፁ መጣ፣ ግንቦቹ ቆሙ። አንዱ ከሁሉም በላይ ነው። ጋሼ መነጽራቸውን አውልቀው እንደገና አደረጉት።

"ያ ረጅሙ ዊኒንግ ነው" አሉ።

መብራት ሳይሄድ አንድ ጌም ተጫወቱ ብዬ ጆይስቲክ ሰጠኋቸው። ልጁ 3 ለ 0 አሸነፋቸው። ጋሼ ጆይስቲኩን ገልብጠው አዩትና "ይሄ እኮ ይይዛል" አሉ።